ልክነሽ የቀበረችው ሙዝ

ሴቻ በሚባለው የአርባ ምንጭ ሰፈር ልክነሽን የሚያውቅ ሁሉ ስለ እሷ አንድ ነገር ይመሰክራል፤ የነካችውን ነገር እንደነበረ አትተወውም። ወንበር ሲሰጧት ከመቀመጧ በፊት ገልብጣ እግሩን ታያለች። የሰው በር አንኳኩታ እስኪከፈትላት ድረስ ማጠፊያውን ትነካካለች። አርባ ሁለት ዓመት ሞልቷታል፤ ዶርዜ ተወልዳ፣ እዚያው ተድራ፣ ባሏን ካሱን ተከትላ አርባ ምንጭ ከወረደች አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው። በእነዚህ ሁሉ ዓመታት እጇን አጣጥፋ ስትቀመጥ ያያት ሰው ካለ ቀርቦ ይናገር። ቅዳሴ ላይ ቆማ እንኳ የነጠላዋን ዘርፍ እየጎነጎነች መልሳ ትፈታዋለች።

አንዳንዱ ሰው ይህን አይቶ "ሥራ ፈት ናት" ይላል። ተሳስቷል። ሥራ የፈታ ሰው ያርፋል፤ ልክነሽ ማረፍ የሚባል ነገር አታውቅም። አንድ ነገር ዓይኗ ውስጥ ከገባ እግሯ መሬት አይረግጥም፣ የምትጎርሰው ምን እንደሆነ አታውቅም፣ ሲጠሯት አትሰማም። ካሱ በተጋቡ በሁለተኛው ወር "ይህች ልጅ ጉንዳን ላይ ነው የተወለደችው" ብሎ ነበር። ያን ጊዜ ያለው በፍቅር ነው።

እስካለፈው ሚያዝያ ድረስ ሥራዋ ገደሉ አፋፍ ላይ ባለ አንድ የእንግዳ ማረፊያ አንሶላ ማጠብ ነበር። የዚያ ቤት ችግሩ ዝንጀሮ ነው። ከታች ከጫካው ይወጣና የተሰጣውን አንሶላ ጎትቶ ይዞ ይወርዳል፤ ምን እንደሚያደርግበት እሱ ነው የሚያውቀው። ዘበኛ ተቀጠረ፣ ውሻ መጣ፣ ውሻውም ዝንጀሮውን ለመደው። ልክነሽ ከአንድ ጋራዥ የተጣለ የባጃጅ ቸርኬ ለምና፣ ረጅም እንጨት ላይ አስራ፣ ገመድ አዙራበት፣ አንሶላው ተሰጥቶ ሲያበቃ እንደ ባንዲራ ወደ ላይ የሚሳብ መስጫ ሠራች። ዝንጀሮው ከሥር ቁጭ ብሎ አንጋጦ ሲያይ እንግዶች ፎቶ አነሱት።

ሥራ አስኪያጁ በዚህ ተደስቶ በጥር ወር የሦስት ቀን ሥልጠና ላካት። አዳራሹ በር ላይ "የፈጠራ አስተሳሰብን በዕለት ተዕለት ኑሮ ማዳበር" የሚል ጨርቅ ተሰቅሏል። አሠልጣኙ ቀጭን ክራባት ያሰረ ወጣት ነበር። "ፈጠራ ለሊቃውንት ብቻ የተሰጠ አይደለም" አለ፤ "በየቀኑ አንድ ነገር ትናንት ካደረጋችሁት በተለየ መንገድ አድርጉ፤ አእምሯችሁ ይፍታታል።" ከጎኗ የተቀመጡት የጽሕፈት ቤት ሰዎች "እንግዲያው በግራ እጃችን እንፈርማለን" እየተባባሉ ሳቁ። ልክነሽ አልሳቀችም። ዕድሜዋን ሙሉ የምትነቀፍበትን ነገር አንድ ክራባት ያሰረ ሰው ቆሞ ሲያመሰግነው ስትሰማ ይህ የመጀመሪያዋ ነበር። ለሚሮጥ በሬ ጅራፍ ማቀበል ማለት ይህ ነው። ስሟ የተጻፈበትን የምስክር ወረቀት ይዛ ቤት ገባች፤ ካሱም በሩ ጀርባ ላይ በሚስማር መታላት።

በሚያዝያ ጉድ ፈላ። ጁስ ቤቶቹ በየቀኑ በጆንያ የሚጥሉትን የአቮካዶ ዘር ስታይ ሰንብታ "ይህን ቀቅሎ የሚያጥብ ሰው እንዴት ጠፋ?" አለች። ውሃው አረፋ ነበረው። ሞከረችው፤ ነገር ግን የሞከረችበት ጨርቅ የአሮጌ ጆንያ ቁራጭ ነበር፤ ቡናማ ላይ ቡናማ አይታይም። በማግስቱ አሥራ አራት ነጭ አንሶላ ዘፈዘፈችበት። አንሶላዎቹ የሸክላ ጡብ መስለው ወጡ። ሦስት ጊዜ አጠበቻቸው፣ በረኪና አፈሰሰችባቸው፣ ይባስ ብለው ደመቁ። ሥራ አስኪያጁ ያንን ከዝንጀሮ ያተረፈችለትን ሁሉ ረስቶ በዚያው ቀን አሰናበታት።

ካሱ መጥፎ ሰው አይደለም። ከሴቻ ታች ከተማ ሲቀላ፣ ከሲቀላ ሴቻ፣ አሥራ አንድ ዓመት በአንዲት ሚኒባስ ተመላልሷል። በየትኛው ጉድጓድ ላይ ስንት ማርሽ እንደሚቀይር ተኝቶም ያውቀዋል። የእሱ ሰላም የትናንቱን መንገድ ዛሬም እዚያው ማግኘት ነው። በዚያ ቀን ቤት ገብቶ የምስክር ወረቀቱን ትክ ብሎ አየውና ራቱን በላ። በሳምንቱ ግን ሥራ አግኝቼልሻለሁ አላት።

ሥራው ሲቀላ መናኸሪያ አጠገብ ያለው የጓደኛው የአቡበከር ሱቅ ነው። ሄዳ አየችው። አንዲት መስኮት፣ አንድ በርጩማ፣ ከጠዋት እስከ ማታ የሞባይል ካርድና ሳሙና ማቀበል። አቡበከር ደግ ሰው ነው፤ በደግነቱ አስረዳት፦ "እህቴ፣ እዚህ ቤት አንድ ሕግ ብቻ ነው ያለው። ዕቃ ከቦታው አይነሳም። መብራት ቢጠፋ እንኳ እጄ ያገኘዋል። ሰባት ዓመት እንዲሁ ነው።" ልክነሽ በርጩማው ላይ ተቀመጠች። ጉልበቷ ግድግዳ ነካ። ክብሪቱ ከሻማው አጠገብ ቢሆን እንደሚሻል ወዲያው ታያት፤ እጇ ተነሳ፤ መልሳ ጭኗ ሥር ቀበረችው። ወደ ውጭ ስትወጣ መዳፏ በላብ ርሶ ነበር።

"እዚያ ከገባሁ እሞታለሁ" አለችው ለካሱ።

"ተቀምጦ የሞተ ሰው የለም።"

"አንድ ነገር ብቻ ልሞክር። እስከ መስቀል ጊዜ ስጠኝ።"

"ምንድን ነው?"

"ብነግርህ ትስቃለህ።"

"አሁንስ የምስቅ እመስላለሁ?" አለ ካሱ። እውነትም አይመስልም ነበር። "እሺ፣ እስከ መስቀል። ካልሆነ አቡበከር ሱቅ ትገቢያለሽ፤ ከዚያ ወዲያ በዚህ ቤት ማንኪያ እንኳ ከቦታው አታንቀሳቅሽም። ሞከርኩ፣ ቀየርኩ፣ አሻሻልኩ የሚባል ነገር አከተመ። ማይልኝ።"

"እማማ ውብአየሁ ትሙት!" አለችና መዳፉን መታችው።

ውብአየሁ የካሱ እናት ናቸው። ልክነሽ የማለችው በሌላ በማንም ቢሆን ኖሮ ምናልባት መውጫ ይገኝለት ነበር። በእሳቸው የተማለ ግን በዚያ ቤት ሁለቱም አይደፍሩትም።

ነገሩ የጀመረው ወደ አባያ ሐይቅ ዳር ሙዝ ልትገዛ ወርዳ ነው። ሙዝ አንዴ ካፈራ ግንዱ ይቆረጣል፤ ሁለተኛ አያፈራም። ገበሬው ዘለላውን ይጭንና ግንዱን እዚያው ይተወዋል፤ ይበሰብሳል። ከደጋ የወረደ ዶርዜ ሁሉ የመጀመሪያ ቀን አንድ ስህተት ይሳሳታል፤ የሙዙን ማሳ አይቶ "ይኼ ሁሉ እንሰት!" ይላል። ቅጠሉ ያው፣ ቁመናው ያው። ሰው ይስቅበታል፣ እሱም በራሱ ይስቃል፣ ነገሩ በዚያው ይረሳል። ልክነሽ ቆላ በወረደች በአሥራ ስድስተኛ ዓመቷ ወደዚያ ስህተት ተመለሰች። የወደቁት ግንዶች መሀል ቆማ እግሯ አልነሳ አላት። ዘመድ ናቸው አለች። ዘመድ ከሆኑ አንዱ የአገር ቀለብ፣ ሌላው የማሳ ቆሻሻ የሚሆነው በምን ምክንያት ነው? እንሰት በቆላ አይበቅልም፤ ሙዝ ግን አገሩን ሞልቶታል። ከሙዝ ግንድ ቆጮ ቢወጣስ?

አሞጽ የሚባለው ባለማሳ ስትለምነው ግራ ገባው።

"ለላም ነው?"

"ለሰው ነው።"

"የትኛው ሰው ነው የሙዝ ግንድ የሚበላው?"

"ገና አልተገኘም" አለችው። "ስድስት ግንድ ስጠኝ። ሥሩንም ቆፍርልኝ።"

በጋሪ አስጭና ስታመጣ ቀሚሷ ጠቆረ፣ የጣቶቿም ጫፍ ጠቆረ። የሙዝ ውሃ የነካው ነገር በሳሙና አይለቅም።

በማግስቱ ሐሙስ ነበር፤ ዶርዜ ወጣች። ቆጮ ያለ እርሾ አይሆንም፤ እርሾ ደግሞ ከአማቷ ከውብአየሁ ጉድጓድ የተሻለ የለም። ውብአየሁ ስድሳ ዘጠኝ ዓመታቸው ነው። ቤታቸውን፣ አጥራቸውን፣ የቆጮ ጉድጓዳቸውን ልክ እናታቸው እንዳደረጉት ያደርጋሉ፤ አንዲት ጣት ወዲህ ወይም ወዲያ አይሉም። መንደርተኛው ልጆቹን ሲገስጽ "እንደ ውብአየሁ ሁኑ" ይላል። ልክነሽ እሳቸው ፊት ስትሆን ሁልጊዜ አንድ ነገር የሰበረች ይመስላታል።

"እርሾ ቆላ ምን ያደርግልሻል?" አሏት ውብአየሁ በዶርዝኛ።

"እንዲያው… ልሞክረው ያሰብኩት ነገር አለ፣ እማማ።"

አሮጊቷ እጆቿን አዩ። ረጅም ጊዜ አዩዋቸው። ልክነሽ ጣቶቿን ነጠላዋ ውስጥ ሸሸገች። ውብአየሁ ገብተው ጭብጥ የምታህል አሮጌ ቆጮ በቅጠል ቋጥረው ሰጧትና "መሸብሽ፣ ሂጂ" አሏት። ገና ስድስት ሰዓት ነበር።

እንሰት ሲፋቅ ሴቲቱ ልጡን ባዘነበለ ሳንቃ ላይ ታስተኛለች፣ አንድ እግሯን ሰቅላ በተረከዟ ትይዘዋለች፣ በቀርከሃ መፋቂያ ወደ ታች ትፍቃለች። ሥጋው ይወርዳል፣ ቃጫው ይቀራል። የወረደው ከእርሾ ጋር ተለውሶ፣ በቅጠል ተሸፍኖ ጉድጓድ ይገባል፤ ድንጋይ ይጫነዋል፤ አየር ሳይነካው ይብላላል። ልክነሽ ሳንቃዋን ከግቢው ግድግዳ ጋር አጋድማ የሙዙን ግንድ ሁለት ቀን ሙሉ ፋቀችው። ውሃ ብቻ ነው። ሥጋው ስስ ነው። ሥሩን ወቅጣ ጨመረችበት፣ ጨመቀችው፣ ከእርሾው ጋር ለወሰችው፣ ቧንቧው አጠገብ ጉድጓድ ምሳ በሐምሌ አምስት ቀበረችው። የቤቱ ባለቤት እትዬ ሮማነወርቅ በመስኮት ሲያዩ ቆይተው "ጎሽ፣ ማንጎ ልትተክዪ ነው?" አሏት። እትዬ ሮማነወርቅ ጎጃም ያደጉ ናቸው፤ የተቀበረ ምግብ የሚባል ነገር ከነአካቴው አይገባቸውም። ልክነሽ "እህ" አለች፤ መዋሸትም አልነበረም፣ እውነትም አልነበረም።

ከዚያ መጠበቅ መጣ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል የሚለውን ተረት ያወጣው ሰው ልክነሽን አያውቃትም። የቆጮ ጉድጓድ ቶሎ ቶሎ አይከፈትም፤ ከተከፈተ አየር ይገባል፣ አየር ከገባ ይበላሻል። ይህን ከሕፃንነቷ ጀምሮ ታውቃለች። ደጋ ላይ ወራት ይፈጃል፤ በዚህ ሙቀት ግን ስንት ቀን ነው? ማንም አያውቅም፤ የሚጠየቅ ሰው የለም፤ ያደረገው የለምና። ጠዋት ተነስታ ድንጋዩን ታያለች። ከቤቷ በር እስከ ድንጋዩ አሥራ ሰባት እርምጃ ነው፤ ሄደች፣ ተመለሰች፣ ሄደች። ልብስ ታጥባለች፣ ሳትጨምቅ ትነሳለች። ካሱ አዝኖላት ሚኒባሱ ላይ ከጎኑ አስቀምጦ ሲቀላ ድረስ ይዟት ወረደ፤ ገና ሳይደርሱ የጋቢናውን መስተዋት አዙራ፣ የመቀመጫውን ጨርቅ ገልብጣ፣ የተሳፋሪ በር ሲከፈት ለምን እንደሚንቋቋ ነግራው ነበር። ሁለተኛ አልወሰዳትም።

በአምስተኛው ሳምንት አልቻለችም። ጉድጓዱን አልከፈተችም፤ ይህን ታውቃለች። ነገር ግን ቀጭን ሸምበቆ ቆርጣ፣ ጫፉን አሹላ፣ በድንጋዩ ጎን እስከ ቆጮው ድረስ ሰካችውና አፉን በጨርቅ ወተፈችው። ሲያስጨንቃት ውታፉን ነቅላ ታሸታለች፣ መልሳ ትወትፋለች። እንዴት ያለ ዘዴ ነው ብላ በራሷ ተደነቀች። መጀመሪያ በቀን አንድ ጊዜ ነበር የምታሸተው። በነሐሴ መጨረሻ ስንት ጊዜ እንደሆነ እሷም አታውቀውም። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባል የለም? ልክነሽ ገና አላፈሰሰችም፤ ነገር ግን ሽታው ተለውጦ ነበር። አንድ ቀን ልክ እንደ ቆጮ ይሸታል፣ ልቧ ይዘላል። በማግስቱ የሞተ አይጥ ይሸታል፣ ልቧ ይወድቃል።

በመስከረም መጀመሪያ ሽታው ሸምበቆም አላስፈለገውም። እትዬ ሮማነወርቅ አፍንጫቸውን በነጠላ ይዘው መጡ።

"አንቺ ልክነሽ፣ ያ ማንጎ ሞቷል መሰለኝ።"

ያን ጊዜ ሁሉንም ነገረቻቸው። እትዬ ሮማነወርቅ እጃቸውን አፋቸው ላይ ጭነው ሰሙ። "በስመ አብ! ሙዝ ተቀብሮ?" አሉ። አባረርኩሽ ባይሉም "ከመስቀል በፊት ከዚህ ግቢ ይውጣልኝ" አሉ። ቀኑ ከሁለት በኩል ተቆረጠባት።

መስከረም አሥር ላይ ውብአየሁ ዓይናቸውን ሊታከሙ ወረዱ፤ ሐኪሙ ካያቸው በኋላ ሁሉም አብረው ለመስቀል ዶርዜ ሊወጡ ነው። ልክነሽ ይህን ስትሰማ እጇ ላይ ያለው ሳህን ወደቀ። ለባሏ መሸነፍ አንድ ነገር ነው፤ ከወግ ወጥተው በማያውቁት አማቷ ፊት መሸነፍ ሌላ ነው። ውብአየሁ በመጡ በመጀመሪያው ቀን ምርኩዛቸውን ይዘው በግቢው ዞሩ። ቧንቧው አጠገብ ሲደርሱ ቆሙ። በምርኩዛቸው ድንጋዩን ነካ ነካ አደረጉት።

"ማን ነው ይህን ድንጋይ የጫነው?"

"እኔ ነኝ፣ እማማ።"

"ቀለለ" አሉና ገቡ። ልክነሽ በዚያች በአንዲት ቃል አራት ቀን ታመሰች።

መስከረም አሥራ አራት፣ እሁድ ከሰዓት በኋላ፣ ካሱ ሚኒባሱን አቁሞ አካፋ ይዞ መጣ። "ያልተቋጨ ነገር ይዤ ለበዓል አልወጣም። እንክፈተው" አለ። ውብአየሁ ዱካ ላይ ተቀመጡ። እትዬ ሮማነወርቅ አንድ ሺህ ጊዜ እያማተቡ ራቅ ብለው ቆሙ፤ ውብአየሁም በሰባራ አማርኛቸው "ሴትዮ፣ አንተ ቁጭ በል፣ አይበላህም" አሏቸው። ካሱ ድንጋዩን አነሳ። ልክነሽ ተንበርክካ ቅጠሉን ገለጠች።

ጥቁር ውሃ ነበር። በጥቁሩ ውሃ ውስጥ የተጠላለፈ ጭረት ተንሳፍፏል። ልክነሽ ክንዷን እስከ ክርኗ ከታ ወደ ታች ፈለገች፤ ከሥሩ ምናልባት ነጭ ነገር ይኖር ይሆናል፣ የመዳፍ ያህል፣ የጣት ያህል። ከሥሩ አንድ እፍኝ ግራጫ ነገር አወጣች። ማንም ሳይከለክላት አፏ ውስጥ ጨመረችው። መረራት፤ ተፋችው። ሌላ እፍኝ አወጣች። ያንኑ ሆነ። ካሱ ትከሻዋን ያዛት።

"በቃ" አላት በቀስታ። አልተሳለቀባትም፤ ቢሳለቅባት ይሻላት ነበር። "ከበዓል መልስ አቡበከር ይጠብቅሻል።"

ልክነሽ አለቀሰች። ለሙዙ አልነበረም። በርጩማው ታያት፣ ጉልበቷን የሚነካው ግድግዳ ታያት፣ ክብሪቱ ከሻማው ርቆ ሰባት ዓመት፣ ከዚያም ሌላ ሰባት ዓመት። እጇ እያለ እጅ የሌላት ሴት ልትሆን ነው። ፈራች፤ እንዲህ ፈርታ አታውቅም።

"ይኼ ሸምበቆ ምንድን ነው?" አሉ ውብአየሁ በዶርዝኛ።

ልክነሽ አፍንጫዋን እየጠረገች "ማሽተቻ ነው" አለች። "ሳልከፍተው ለማሽተት… መታገሥ አቅቶኝ።"

ውብአየሁ ትከሻቸው ተንቀጠቀጠ። መጀመሪያ የሚያለቅሱ ይመስሉ ነበር። ሲስቁ ነው። ካሱ እናቱ እንዲህ ሲስቁ አይቶ አያውቅም።

"ሸምበቆ!" አሉ። "እኔ እንኳ በየቀኑ እከፍተው ነበር።"

ቧንቧው ጠብ ጠብ ይላል።

"ምኑን ነው የከፈትሽው፣ እማዬ?" አለ ካሱ።

"የሙዙን ነዋ" አሉ፤ ሳቃቸው አለቀ። "አንተ አልተወለድክም። መሬት ይሰጣችኋል ተብለን ከደጋ ወርደን እዚሁ ቆላ፣ ከሐይቁ ወዲያ ማዶ ነበርን። እኔ ሃያ ሦስት ዓመቴ ነው። እንሰት የለም፤ ሙዝ አለ። እጄ አላርፍ አለ። ፋቅሁት፣ ለወስሁት፣ ቀበርሁት። በዚያው ወር እህትህ ማራኪ ታመመች።"

ካሱ እህት እንደነበረችውና በወባ እንደሞተች ያውቃል። ቤት ውስጥ ስሟ አይነሳም ነበር።

በእነሱ አገር ቤት ውስጥ መከራ ሲገባ ሽማግሌ ተቀምጦ ይጠይቃል፤ ከወግ የወጣ ማን ነው፣ ምን አደረገ? ያንን ከወግ መውጣት ጎሜ ይሉታል። እያንዳንዱ ያደረገውን ይናገራል። "ልጅቷ ስትሞት ጠየቁን" አሉ ውብአየሁ። "አባትህ ጉግሳ ምንም አላደረገም። እኔ ግን ሙዝ ፍቄያለሁ። ተናገርኩ። 'ተገኘ' አሉ። ጉግሳም ከእንግዲህ እጅሽ ከእናትሽ እጅ እንዳይወጣ ብሎ በልጅቷ መቃብር ላይ አስማለኝ። እሱ ክፉ ሰው አልነበረም፤ ልጁ ሞታበታለች። እኔም ማልኩ። አርባ ስድስት ዓመት እናቴ ያደረገችውን ብቻ አደረግሁ። ሐኪሞቹ ወባ ነው የገደላት ይላሉ። እኔም አውቃለሁ። እጄ ግን አላወቀም፤ አዲስ ነገር ሊነካ ሲል ልጄ ትታየኛለች።"

ወደ ልክነሽ ዞሩ። "እርሾ ልትወስጂ ስትመጪ ጣትሽን አየሁት። የሙዝ ጥቁር አይጠፋኝም። ልከለክልሽ ነበር። ከዚያ ምን እንደሚሆን ማየት ፈለግሁ።"

"አልሆነም፣ እማማ" አለች ልክነሽ።

"በሸምበቆ እያናፈስሽው እንዴት ይሁን? የእኔም ስከፍተው፣ ስከፍተው ነው የበሰበሰው። የሙዙ ጥፋት ይሁን የእኛ፣ አንቺም አላወቅሽ፣ እኔም አላወቅሁ።"

ውብአየሁ ምርኩዛቸውን ተደግፈው ተነሱ። ቧንቧው ሥር ውሃ እየጠጣ የበቀለ ሣር አለ። ጎንበስ ብለው ጭብጥ ሙሉ ነጩ። ሣሩ ርጥብ ነበር፤ ከጣታቸው መሀል ውሃ ይንጠባጠባል። ልጃቸው ፊት መጥተው በሁለት እጃቸው ዘረጉለት።

ካሱ ደነገጠ። በአገራቸው ወግ ለልመና እርጥብ ሣር የተያዘለት ሰው እምቢ አይልም፤ ደም የፈሰሰበት እንኳ እምቢ አይልም። እናት ለልጇ ስትይዝ ደግሞ ማንም አይቶ አያውቅም።

"እማዬ፣ ተዪ… ስለ እሷ ብለሽ ሣር መያዝ አያስፈልግም። እኛው እንነጋገራለን።"

"ስለ እሷ አይደለም" አሉ። "ስለ ራሴ ነው። አባትህ ያሰረኝን ሳይፈታልኝ ሞተ። የእሱ ትልቅ ልጅ አንተ ነህ። ፍታኝ።"

ካሱ እናቱን አየ። ከዚያ መሬት ላይ ተንበርክካ ክንዷ እስከ ክርኗ የጠቆረውን ሚስቱን አየ። የሚያደርገውን ነገር እያወቀ ነው፤ አንዱን ፈትቶ ሌላውን ማሰር እንደማይችል ገብቶታል። ልክነሽ ጣቷን እንኳ አላነቃነቀችም። በሕይወቷ እንዲያ ጸጥ ብላ አታውቅም።

ሣሩን በሁለት እጁ ተቀበለ። "ተፈትተሻል" አለ። የሣሩን ግማሽ ለይቶ በልክነሽ ጥቁር መዳፍ ላይ አኖረው።

ውብአየሁ ዓይናቸውን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ፤ ከዚያ ጉድጓዱ አፍ ላይ ቁጢጥ ብለው ጣታቸውን ጥቁሩ ውሃ ውስጥ ነከሩና አሸተቱ።

"ግንዱን የቆረጥሽው ከፍሬው በፊት ነው በኋላ?"

"በኋላ፣ እማማ።"

"የእኔ በፊት ነበር። የእኔ የባሰ ነበር የሸተተው።" ጣታቸውን ቀሚሳቸው ላይ ጠረጉት። "ከመስቀል መልስ ሦስት ግንድ አስመጪ። ሸምበቆውን ወዲያ ጣይልኝ። ድንጋዩም ቀላል ነው ብዬሻለሁ።"

"ወይ ዕዳዬ!" አሉ ከቋንቋው ይልቅ ነገሩ የገባቸው እትዬ ሮማነወርቅ ከሩቅ። "እዚሁ ግቢ?"

ካሱ እጅጌውን ሰብስቦ ወደ አጥሩ ሄደ፤ አሥራ ስድስት ዓመት ከቦታው ያልተነቃነቀውን ትልቁን ድንጋይ ያንከባልል ጀመር።